ብረት አይፈስም

ባለፈው ሐሙስ ከደሴ ወደ ኮምቦልቻ በሚኒባስ እየወረድኩ ነበር። ሐረጎ ቁልቁለት ላይ ጆሮዬ እንደ ልማዱ ድፍን አለ። የደሴ ጭጋግ ወደ ኋላ ቀርቶ ሞቅ ያለ አየር በመስኮት ሲገባ ሹራቤን አወለቅኩ። አጠገቤ የተቀመጠው ልጅ ስልኩን ጉልበቱ ላይ አጋድሞ ቪዲዮ ያያል። እኔ የሰው ስልክ አላይም። ማለቴ፣ ብዙ አላይም። ድምፁን ስሰማ ግን አንገቴ ራሱ ዞረ። መጀመሪያ ከበሮ፣ ቀጥሎ ከጉድጓድ የሚወጣ የሚመስል የተራኪ ድምፅ። ስክሪኑ ላይ ደረቱን የተራቆተ፣ ጡንቻው ዘይት የተቀባ የሚመስል ሰውዬ እሳት ፊት ተቀምጦ ወናፍ ይነፋል። ከጭቃው ምድጃ ሥር ቀይ ብረት እንደ ማር እየተንቆረቆረ ይወርዳል።

"ብረት አይፈስም!" አልኩ።

ጮክ ብዬ ነው ያልኩት። ረዳቱ ከበሩ ዘወር ብሎ፣ "ምንድን ነው የፈሰሰው? ዘይት ጭነሻል እንዴ አንቺ?" አለኝ። ሰው ሁሉ ሳቀ። እኔ አልሳቅኩም። አራት ዓመት ሙሉ የታመቀ ንዴት ነው በአንድ ጊዜ የወጣው።

አሁን አሥራ ዘጠኝ ዓመቴ ነው። ገና በዚህ ዕድሜሽ ምን ትዝታ አለሽ የሚለኝ አይጠፋም። ንዴት ግን ዕድሜ አይጠብቅም፤ ሲመጣ ትንሽ ትልቅ አይልም።

ያኔ አሥራ አምስት ዓመቴ ነበር። እናትና አባቴ ኮምቦልቻ፣ እኔ ለትምህርት ደሴ፣ ቧንቧ ውሃ የሚባለው ሰፈር አክስቴ ቤት ነበርኩ። ከአክስቴ በር ሦስት ቤት አልፎ የሰይዶ ስቱዲዮ ነበር። ሰይዶ የሰርግ ቪዲዮ ይሠራል፤ ሙሽራዋን ጨረቃ ላይ ያስቀምጣታል፣ ሙሽራውን በነጭ ፈረስ ከደመና ያወርደዋል፣ ከፈለጉ የደሴን ከተማ በረዶ ያለብሳታል። ከትምህርት ቤት ስወጣ እዚያ ነው የምገኘው። መጀመሪያ በር ላይ ቆሜ አይ ነበር፤ ቀስ በቀስ ወንበር አገኘሁ፤ በመጨረሻ ማውሱን ጨበጥኩ። ሰይዶ ማስክ ማውጣት አስተማረኝ። ማስክ ማለት በቪዲዮው ውስጥ ያለውን ሰው ዙሪያውን፣ በእያንዳንዱ ምስል ላይ፣ በቀጭን መስመር ተከትሎ መክበብ ነው። ሰውየው ከተከበበ በኋላ ከጀርባው ያለውን እንደፈለጉ መለወጥ ይቻላል። ትዕግሥት የሚጨርስ ሥራ ነው። እኔ ግን ወድጄው ነበር። ሰይዶ፣ "ማሻአላህ፣ እጅሽ!" ሲለኝ ቤት ድረስ እየዘለልኩ ነበር የምሄደው።

አንድ ቀን ከአዲስ አበባ ሰዎች መጡ። ስለ ጥንት ጥበብ ዘጋቢ ፊልም ይሠራሉ፤ ኢፌክቱን ሰይዶ እንዲሠራላቸው ፈልገዋል። ዳይሬክተሩ ቤት ውስጥም ጥቁር መነጽሩን የማያወልቅ ሰው ነበር።

"ከድንጋይ ብረት የሚያወጣ ሽማግሌ እዚህ አካባቢ ይገኛል?" ሲል ጠየቀ።

"ኧረ የት ይገኛል!" አለ ሰይዶ። "እሱ እኮ ድሮ ቀረ።"

"የኔ አያት ያውቃሉ" አልኩ።

ሰይዶ ዞሮ አየኝ። አተያዩ እስከ ዛሬ ትዝ ይለኛል። "የአንቺ አያት? የአንቺ ወገኖች... ቀጥቃጭ ናቸው?"

የአፌን ፍጥነት የረገምኩት ያን ጊዜ ነው። የአባቴ አባት፣ አባባ እንድሪስ፣ ከቢስቲማ የአንድ ሰዓት የእግር መንገድ ርቆ ባለ መንደር የሚኖሩ ብረት ሠሪ ናቸው። የአገሩ ሰው ማረሻውንና ማጭዱን ሊያሠራ እሳቸው ዘንድ ይመጣል። ሲርበው ግን እሳቸው ቤት አይበላም። ጠይብ ናቸዋ! በዓይናቸው ሰው ይበላሉ ይባላላ! ማረሻቸውን ይዞ ያርሳል፣ ያጭዳል፣ ይበላል፣ ይጠግባል፤ ከዚያ ስማቸው ሲጠራ ይተፋል። አባቴ ይህን ሸሽቶ ነው ገና በልጅነቱ ኮምቦልቻ ወርዶ ፋብሪካ የገባው። እዚያ የማን ልጅ እንደሆነ የሚያውቅ የለም።

ማታውኑ ለአባቴ ስልክ ደወልኩለት። እስኪያልቅ ሰማኝና እንዲህ አለ፦ "ፈቲያ፣ እኔ እዚህ ከሰው ጋር በአንድ ሳህን ነው ምሳ የምበላው። አምስት ሰው፣ አንድ ሳህን። ይህን አትርሺብኝ። አባቴ ከፈቀዱ እሳቸውን አልከለክልም። የኔን ነገር ግን የትም እንዳታነሺ።"

ቃል ገባሁለት።

ጥር ላይ ትምህርት ቤት ሲዘጋ ከፊልም ቡድኑ ጋር ወደ አባባ ሄድን። ሐይቅ ላይ ወርደን የተጠበሰ ዓሣ በላን፤ ዳይሬክተሩ አጥንቱን እየለቀመ "ይኼ ነው ሕይወት!" ይላል። ከቢስቲማ በኋላ መኪናው የማይሄድበትን በእግር ወጣን። ማሽላው ታጭዶ አገዳው ብቻ ማሳው ላይ ቆሟል፤ አቧራው ጥርስ ውስጥ ይንኳኳል።

አባባ ነገሩን ሁሉ ሰምተው ሲያበቁ ወደ እኔ ነው የዞሩት።

"ፊቴ ይታያል?"

"ይታያል አባባ።"

"ስሜስ ይጠራል?"

"ወላሂ ይጠራል።"

"እንግዲያው አባቴንም ሰው ያየዋል ማለት ነው። እኔ የእሱን መልክ ነው የያዝኩት።" ብድግ አሉ። "በልጅነቴ አባቴ ድንጋዩን ሲያበስል ወናፉን የምነፋ እኔ ነበርኩ። ከዚያ የከተማ ብረት መጣ፤ ድንጋዩን ተውነው። እጄ ግን አልረሳም።"

ሦስት ቀን ሙሉ ምድጃውን ከጭቃና ከጭድ አቆሙ። ቀዩን ከባድ ድንጋይ ከወንዙ ዳር ራሳቸው መርጠው አስለቀሙ፤ አንዱን ድንጋይ አንስተው በምላሳቸው ነካ ያደርጉና "ይኼ ሰነፍ ነው" ብለው ይወረውሩታል። በአራተኛው ቀን ከሱብሂ ሰላት በኋላ እሳቱ ተጫረ።

ወናፉ ሁለት የፍየል ቆዳ ነው፤ አንዱ በቀኝ፣ አንዱ በግራ። አፉን ከፍቶ ማንሳት፣ አፉን ጨብጦ መጫን። አንዱ ሲነሳ ሌላው ይወርዳል፤ ነፋሱ ለአንዲት ትንፋሽ እንኳ ከተቋረጠ ድንጋዩ "ይሞታል" ይላሉ አባባ። ሰዓት የላቸውም። የሚለኩት በመንዙማ ነው። ከንፈራቸው መንዙማውን ይዞ ክንዳቸው ይከተላል፤ መንዙማው ሲያልቅ አንድ ቁና ከሰል፣ ሌላው ሲያልቅ አንድ ቁና ድንጋይ። ከሱብሂ እስከ አስር ሰላት ድረስ እንዲህ ሆነ። ለሰላት ሲነሱ ብቻ ለእኔ ይለቁልኝ ነበር። ክንዴ እሳት ሆነ። እሳቸው እንደተመለሱ የማሽላ ቂጣ በቅቤ እየቆረስኩ አጎረስኳቸው፤ እጃቸው ሥራ ላይ ነዋ። ከቤተሰብ በስተቀር አጉርሷቸው የሚያውቅ ሰው መኖሩን እንጃ። ሰይዶ ይህን ሁሉ ይቀርጽ ነበር። ካሜራውን ሳይ ደስታዬ ልክ አልነበረውም። ዓለም አየልኝ፣ አልኩ በሆዴ።

ወደ ማምሻው ምድጃውን አፈረሱት። ከሥሩ የወጣው የአንድ ልጅ ራስ የሚያህል፣ የተበሳሳ ጥቁር ጓል ነበር። አባባ በጉጠት ይዘው መቀጥቀጫው መስፍ ላይ ሲያሳርፉት እንደ ሙሽራ አባት ፈገግ አሉ።

"በቃ?" አለ ዳይሬክተሩ። "ይኼ ነው? አይቀልጥም? አይፈስም?"

"ብረት አይፈስም ልጄ። ቆሻሻው ነው የሚቀልጠው። ብረቱ እንደ ሊጥ ይለሰልሳል፤ ከዚያ በመዶሻ ታስታርቀዋለህ።"

መቱት። ቅርፊቱ እየረገፈ ውስጡ ብሩህ ሆነ። ዳይሬክተሩ ግን ያን አላየም። ወደ ሰይዶ ጠጋ ብሎ፣ "ችግር የለም፤ በኢፌክት እናፈሰዋለን" ሲለው ሰማሁ። ሰማሁ፣ ግን ቀልድ መሰለኝ።

ደሴ እንደተመለስን ሰይዶ ሥራውን ለእኔ ሰጠኝ። "አያትሽን አንቺ ማስክ አውጪያቸው። ከአንቺ የተሻለ ማንም አያውቃቸውም። ጀርባውን የጥንት አገር እናደርገዋለን" አለኝ። አሥር ቀን! አሥር ቀን ሙሉ የአያቴን ዳር ዳር ተከተልኩ። የኮፍያቸውን ክር፣ የአውራ ጣታቸውን የተሰነጠቀ ጥፍር፣ ያቺን ጭስ የምትመስል ጺማቸውን። ጺም እንዴት እንደሚያስቸግር የሠራ ያውቀዋል! የቀኝ ክርናቸው ሲወርድ ትንሽ ወደ ውጭ እንደሚዞር ያወቅኩት ያኔ ነው። ሰይዶ እያየ "ወላሂ ጎበዝ ነሽ" ይላል። እኔም ጎበዝ ነበርኩ። የሚያቃጥለኝም ይኸው ነው።

ፊልሙ የሚታይበት ቀን አባባ ደሴ መጡ። ጋቢያቸው ታጥቦ ነጥቷል፤ ከሥሩ ግን ያው ሲሠሩ ለብሰውት የነበረውን አሮጌ ኮት ለብሰዋል።

"አባባ፣ ሌላ ኮት የለም እንዴ?"

"ሞልቷል። ሰው ሲያየኝ እንዳይሳሳት ብዬ ነው" አሉ።

አዳራሹ ሞልቷል። ሁለተኛው ረድፍ ላይ ተቀመጥን። መብራቱ ጠፋ፤ ከበሮው ጀመረ፤ የእኛ ምድጃ መጣ። ምድጃው ፊት ግን አባባ አልነበሩም። ኮምፒውተር የሠራው፣ ደረቱን የተራቆተ አንድ ወጠምሻ ተቀምጧል። መጀመሪያ ሌላ ቦታ የተቀረጸ መሰለኝ። ከዚያ ቀኝ ክርኑ ሲወርድ ወደ ውጭ ዞረ።

እኔ የከበብኩት መስመር ነው። ጀርባውን ለመለወጥ አልነበረም ለካ! ሰውየውን አውጥቶ ለመጣል ነው። በእኔ መስመር ልክ አያቴን ቆርጠው አንስተው፣ በባዶው ቦታ ያን ጡንቻ ሞልተውበታል። እንቅስቃሴው የእሳቸው፣ ምቱ የእሳቸው፤ ገላው የማንም።

"የእኔ መቼ ነው?" አሉ አባባ በጆሮዬ።

"ይመጣል" አልኩ። ምን ልበል?

ቆይተው፣ "አልደረሰም?" አሉ።

ያን ጊዜ ብረቱ ፈሰሰ። ቀይ፣ ወፍራም፣ የሚያብረቀርቅ። አዳራሹ "ኦኦ!" ብሎ አጨበጨበ። አባባ፣ "ሱብሃነላህ! ወጥ ነው እንዴ?" አሉ ጮክ ብለው። ከፊት ያሉት ዞረው ሳቁባቸው። ተራኪውም በዚያ ወፍራም ድምፁ፣ የዚህ ጥበብ ባለቤቶች ዛሬ ከምድር ገጽ ጠፍተዋል ብሎ አሳረገው።

"እኔስ?" አሉ አባባ። ዝቅ ባለ ድምፅ፣ ለእኔ ብቻ።

መብራት ሲበራና ጥያቄ ያለው ሲባል ብድግ አልኩ። "ብረት አይፈስም!" አልኩ። "በፋብሪካ እቶን ይፈስ ይሆናል፤ በጭቃ ምድጃና በፍየል ቆዳ ግን አይፈስም። ደግሞ ያ ሰውዬ የለም። የሠሩት ሰው ሌላ ናቸው።"

ዳይሬክተሩ ማይኩን ይዞ ፈገግ አለ። "እህቴ፣ ኢፌክት የሚባል ነገር አለ። ኮት የለበሰ የዛሬ ሽማግሌ ብናሳይ ማን ጥንት ነው ብሎ ያምነናል? ተመልካች ደግሞ የሚፈስ ነገር ይወዳል።" ሰው ሳቀ። "ለመሆኑ አንቺ እንዴት አወቅሽ? ቤተሰብሽ ናቸው እንዴ?"

ይህን የጠየቀው እያወቀ ነው! ከእኛ ጋር ቂጣ የበላ ሰው ነው። አዳራሹ በሙሉ ፊቱን ወደ እኔ አዞረ። ከኮምቦልቻ የመጡ ሰዎች ነበሩ፤ የአባቴ ፋብሪካ ሠራተኞችም እንደማይጠፉ አውቄያለሁ። አምስት ሰው፣ አንድ ሳህን። አባባ አጠገቤ፣ ክንዳቸው ክንዴን እየነካ፣ ኮታቸውን እንደለበሱ ተቀምጠዋል።

"አይ" አልኩ። "እንዲሁ... አንብቤ ነው።"

ተቀመጥኩ። አባባ ፊታቸውን አላዞሩም። እጃቸውን ብቻ ከወንበሩ እጀታ ላይ አንስተው ጭናቸው ላይ አደረጉት።

ስንወጣ ሰይዶን በር ላይ ያዝኩት። "ዋናውን ስጠኝ! ያልተነካውን ቀረጻ ስጠኝ!"

"አብሽሪ፣ አትጩሂ። የሰርግ ወቅት ገባ እኮ፤ ዲስኩ ሞላብኝ። አጥፍቼዋለሁ።"

"አያቴን?"

"ፋይሉን ነው ያጠፋሁት አቦ! እኔ የታዘዝኩትን ነው የሠራሁት። ደግሞ ማስኩን ያወጣሽው አንቺ ነሽ።"

በጥፊ ልመታው ነበር። ያልመታሁት እውነቱን ስለተናገረ ነው። ከዚያ ቀን በኋላ የስቱዲዮውን ደጃፍ አልረገጥኩም።

በማግስቱ ጠዋት አባባን ወደ መናኸሪያ ሸኘኋቸው። መንገድ ላይ ሁሉንም ነገርኳቸው፤ መስመሩን፣ አሥሩን ቀን፣ ጺማቸውን ሳይቀር። እያለቀስኩ ነው የምነግራቸው። እሳቸው አላባበሉኝም።

"ደህና አድርገሽ ቆርጠሽኛል ማለት ነው" አሉ። "ምንም አልተረፈም። እጅሽ የእኛ እጅ ነው፤ ይኼን አልክድም።" ትንሽ ከሄድን በኋላ ቆሙ። "እኛ ዘንድ ሰው ቢላዋ ሥራልኝ ሲል መጀመሪያ ለምን? ይባላል። ሊያርድበት ነው? ሊጣላበት ነው? ዓይኑ ካላማረን እሳት አናነድም። አባቴ የመለሰው ሰው ብዛቱ! አንቺ ለምን? አላልሽም።"

"አላልኩም አባባ።"

አውቶብሱ ላይ ወጥተው በመስኮት ጎንበስ አሉ። ይቅር ሊሉኝ መሰለኝ።

"ያነበብሽበትን መጽሐፍ ግን" አሉ፣ "ስትመጪ ይዘሽልኝ ነይ። እስቲ የትኛው ገጽ ላይ እንዳለሁ አሳዪኝ።"

አውቶብሱ ሄደ። እኔ መናኸሪያው መሀል፣ ብርቱካን ሻጮቹ እየገፉኝ፣ ቆሜ ቀረሁ።

አራት ዓመት ሆነው። አባባ አሉ፣ አልሐምዱሊላህ፤ ዓይናቸው ደክሟል፣ ምድጃ ለማቆምም ጉልበት የላቸውም። በየክረምቱ እሄዳለሁ። መጽሐፉን አንስተውብኝ አያውቁም። ቢያነሱብኝ ይሻለኝ ነበር። ፊልሙ ግን ከስልክ ስልክ ይዞራል፤ ጡንቻማው ሰውዬ አያረጅም፣ ብረቱም አይረጋም። ልጆች ያዩታል፤ እንዲህ ነበር ይላሉ። ሰው መናቅ አንድ ነገር ነው፤ እንቋቋመዋለን፣ ለምደነዋል። ጥበቡን ወስዶ፣ ባለቤቱን ጥሎ፣ ጥበቡንም አበላሽቶ፣ መልሶ "ጥንታዊ ቅርሳችን" ማለት ግን ምን ይባላል? ስም አላገኘሁለትም። ያኔ ዳይሬክተሩን ብቻ ነበር የምረግመው። ዛሬ ሳስበው አያቴን ሁለት ጊዜ የሰረዝኳቸው እኔ ነኝ፤ አንዴ ሳላውቅ በማውስ፣ አንዴ እያወቅኩ በአፌ።

ሚኒባሱ ውስጥ ሳቁ ሲበርድ ባለ ስልኩ ልጅ ወደ እኔ ዞረ። ክፉ ልጅ አልነበረም። ቪዲዮውን አቁሞ፣ "እውነትሽን ነው? አይፈስም? የት አነበብሽው?" አለኝ።

ከኋላ የፋብሪካ መታወቂያ አንገታቸው ላይ ያንጠለጠሉ ሁለት ሰዎች ነበሩ። አይቻቸዋለሁ።

"አላነበብኩም" አልኩ። "ይኼን ወናፍ የነፉት አያቴ ናቸው። እንድሪስ ይባላሉ፣ ከቢስቲማ ወዲያ። እኔም ነፍቻለሁ። የጠይብ ልጅ ነኝ።"

ረዳቱ ፊቱን ወደ በሩ መለሰ። ከፊቴ ልጅ ያቀፈች ወጣት እናት ነበረች። ፊቷን ሳታዞር እጇን ብቻ ልካ የሕፃኑን ፊት በነጠላዋ ሸፈነችው፤ ዓይኔ እንዳያርፍበት።

እዚያው ማልቀስ እችል ነበር። ግን ተናደድኩ፤ ንዴቱም ያን ቀን ጠቀመኝ። ወደ ልጁ ዞርኩና ድምፄን ከፍ አድርጌ፣ እሷም ከኋላ ያሉትም እንዲሰሙ፣ ጀመርኩ። ሁለት የፍየል ቆዳ ነው አልኩት፤ አንዱ በቀኝ፣ አንዱ በግራ። አፉን ከፍተህ ታነሳለህ፣ ጨብጠህ ትጫናለህ። የምወርድበት ደረሰ፤ "ወራጅ" አላልኩም። ወሬው ከእኔ ቀድሞ አባቴ ጋ እንደሚደርስ አውቄያለሁ፤ ነገ ሳህኑ ዙሪያ ስንት ሰው እንደሚቀመጥ ግን አላውቅም። መጨረሻው ፌርማታ ላይ ስንቆም ገና ድንጋዩን ምድጃው ውስጥ አልጨመርኩም ነበር። ልጁ ስልኩን ኪሱ ከቶ፣ "ከዚያስ?" አለኝ።